«በወር ስንት ነው?» ብለን ብቻ የምንፈርመው የቤት ብድር

«በወር ስንት ይደርስብኛል?» የቤት ብድር ሊወስድ ባንክ የሄደ ሰው ከሞላ ጎደል የመጀመሪያ ጥያቄው ይቺ ናት። ጥያቄዋ ክፉ አይደለችም። ደመወዝ የሚመጣው በወር ነው፣ አስቤዛውም የልጅ ትምህርት ቤቱም የሚወጣው በወር ነው፣ ስለዚህ ሰው በወር ቢያስብ አይፈረድበትም። ችግሩ ብዙዎቻችን ከዚህች ጥያቄ አለማለፋችን ነው። ወርሃዊ ክፍያውን ከምንከፍለው ኪራይ ጋር እናስተያያለን፣ «ትንሽ ብጨምርበት እኮ የራሴ ይሆናል» እንላለን፣ እንፈርማለን። ቤቱ በድምሩ ስንት እንደፈጀ የምናውቀው ከፍለን ስንጨርስ ነው። ያኔ ደግሞ ማወቁ ምንም አይፈይድም።

ይህን የምጽፈው በተለይ የከተማው ዳር ላይ ቤት ለሚያስቡ ነው። ኮዬ ፈጬ፣ ቱሉ ዲምቱ፣ ቦሌ አራብሳ፣ የካ አባዶ፣ ከዚያም ወጣ ብሎ ለገጣፎና ገላን። መሀል ከተማ ዋጋው ስለማይቀመስ አብዛኛው ደመወዝተኛ ዓይኑን የሚጥለው እነዚህ ሰፈሮች ላይ ነው። ዋጋቸው ዝቅ ይላል፣ እውነት ነው። ግን ዝቅ ያለው ዋጋ ውስጥ የማይታዩ ብዙ ወጪዎች አሉ፤ እነሱንም ወደ ታች እናያቸዋለን።

መጀመሪያ ብድሩን ብቻ እንየው። ስሌቱን በ1 ሚሊዮን ብር ልሥራው። ዛሬ በ1 ሚሊዮን ቤት እንደማይገኝ አውቃለሁ፤ የእናንተ ብድር 4 ሚሊዮን ከሆነ ሁሉንም ቁጥር በ4 አባዙት። ወለዱን 16 በመቶ፣ ጊዜውን 20 ዓመት እንበል። ወለድ ከባንክ ባንክ ይለያያል፣ 16ን የያዝኩት ለምሳሌ ነው።

ወርሃዊ ክፍያው 13,913 ብር አካባቢ ይመጣል። በ240 ወር ሲባዛ 3,339,000 ብር ገደማ ነው። 1 ሚሊዮን ተበድራችሁ 3.3 ሚሊዮን ትመልሳላችሁ ማለት ነው። ይሄ ብዙ ሰው በጥቅሉ የሚያውቀው ነገር ነው፤ «ወለዱ ከዋናው (ከተበደርነው ገንዘብ) ይበልጣል» ሲባል ሁላችንም ሰምተናል። ብዙ ሰው የማያውቀው ግን ወለዱ መቼ እንደሚከፈል ነው፣ ዋናው ነገር ያለውም እዚያ ላይ ይመስለኛል።

ባንክ በአብዛኛው ወለድ የሚያሰላው በቀረው ዕዳ ላይ ነው። በመጀመሪያው ወር ያለባችሁ ዕዳ ሙሉ 1 ሚሊዮን ነው። የዚያ የአንድ ወር ወለድ 13,333 ብር ነው። እናንተ የከፈላችሁት 13,913። ስለዚህ ከዕዳችሁ ላይ የተቀነሰው 580 ብር ብቻ ነው። አዎ፣ አምስት መቶ ሰማንያ ብር። በሁለተኛው ወር ከዚህ በጥቂት ብር የሚበልጥ ይቀነሳል፣ በሦስተኛው ደግሞ እንደዚያው፣ እንዲህ እያለ በጣም በዝግታ ይጨምራል። ባንኩ ውሉን ስትፈርሙ የክፍያ ሰንጠረዥ ይሰጣችኋል፣ ካልሰጣችሁ ጠይቁ። ወለድና ዋና የሚሉትን ሁለት ዓምዶች ጎን ለጎን ስታዩ ነገሩ ቁልጭ ይላል።

ዓመት ሙሉ ሳታጓድሉ ከከፈላችሁ 167 ሺህ ብር ያህል ከኪሳችሁ ወጥቷል። ከዕዳው የጎደለው 7,500 ብር ነው። አምስት ዓመት ሲሞላ 835 ሺህ ብር ከፍላችሁ ገና 947 ሺህ ብር ዕዳ አለባችሁ። አስር ዓመት፣ የብድሩ ግማሽ ዘመን፣ ላይ ስትደርሱ ዕዳው 830 ሺህ ነው። የተበደራችሁትን ግማሽ ከፍላችሁ የምትጨርሱት በ16ኛው ዓመት ማብቂያ አካባቢ ነው።

ቱሉ ዲምቱ የምትኖር አንዲት የማውቃት አስተማሪ ብድር ከወሰደች ከጥቂት ዓመታት በኋላ ቤቱን ሸጣ ሌላ ለመግዛት አስባ ባንክ ሄደች። «ወንድሜ፣ ስንት ቀረኝ?» ብላ ጠየቀች። ልጁ ኮምፒውተሩን አየት አድርጎ ነገራት። «አይ፣ እሱ እኮ የተበደርኩት ነው፤ የቀረውን ነው የጠየቅኩህ» አለችው። «እትዬ፣ የቀረው እኮ ነው» አላት። አንድም ወር አላጓደለችም ነበር። ማንም አላጭበረበራትም፣ ሰንጠረዡም ፋይሏ ውስጥ ታጥፎ ተቀምጧል። ግን ማንም ቁጭ ብሎ አላስረዳትም። ለእኔ እንዲህ ያለ ነገር በጣም ያንገበግበኛል፤ ባንኩ ሊያስረዳት አምስት ደቂቃ አይፈጅበትም ነበር።

ስለ ጊዜው ርዝመትም የሚባል አለ። ረዥም ብድር ወርሃዊ ክፍያን ይቀንሳል ይባላል። ይቀንሳል፣ ግን የምናስበውን ያህል አይደለም። ያንኑ 1 ሚሊዮን በ15 ዓመት ለመክፈል ብትዋዋሉ ወርሃዊው 14,687 ይሆናል። ከ20 ዓመቱ የሚበልጠው 774 ብር ነው። በዚህች በ774 ብር ልዩነት በጠቅላላው የምትከፍሉት በ695 ሺህ ብር ያንሳል። በ10 ዓመት ከሆነ ደግሞ ወርሃዊው 16,751፣ ጠቅላላው 2 ሚሊዮን አካባቢ ነው። ወለዱ ከፍ ባለ ቁጥር ጊዜን ማራዘም የሚሰጠው እፎይታ እየጠበበ ይሄዳል፣ ምክንያቱም ወርሃዊ ክፍያው ምንም ቢራዘም ከወለዱ በታች መውረድ አይችልም። ስለዚህ 20 ዓመት ከመፈረማችሁ በፊት የ15ቱንም የ17ቱንም አሰልተው እንዲያሳዩአችሁ ጠይቁ። ዕድሜያችሁ ገፋ ያለ ከሆነ ምርጫው ላይኖር ይችላል፤ ጡረታ መውጫው 60 ስለሆነ ባንኩ ብድሩ ከዚያ በፊት እንዲያልቅ ይፈልጋል።

እሺ፣ አሁን ወደ ትልቁ ክርክር እንምጣ። ይህን ስሌት ለሰው ስታሳዩ ወዲያው የሚመጣ መልስ አለ። «ብሩ እኮ ይወድቃል። የዛሬ አስር ዓመት 13 ሺህ ብር ምንም አይደለም። ተበደር!» የሚል። ይህን ሐሳብ በቀላሉ ማጣጣል አይቻልም፣ ትልቅ እውነት አለው። ከአስራ ምናምን ዓመት በፊት የ20/80 ኮንዶሚኒየም ዕጣ ደርሷቸው የወሰዱ ሰዎች ዛሬ ለባንክ በወር የሚከፍሉት ያንኑ ቤት ቢያከራዩት ከሚያገኙት ጋር ጨርሶ አይገናኝም። የዋጋ ንረቱ በ2014 ዓ.ም. ከ30 በመቶ በላይ ወጥቶ ነበር። ሐምሌ 22 ቀን 2016 የብር ምንዛሪ ለገበያ ሲለቀቅ አንድ ዶላር ከ57 ብር ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን አለፈ። እንዲህ ባለ አገር በብር የተበደረ ሰው ዕዳው ቁጭ ባለበት ይሟሟለታል።

ይሄንንም በቁጥር እንየው። የዋጋ ንረት በየዓመቱ 12 በመቶ ቢሆን በአስረኛው ዓመት የምትከፍሉት 13,913 ብር በዛሬ አቅሙ 4,480 ብር ያህል ብቻ ነው። የ20 ዓመቱን ክፍያ ሁሉ በዛሬ ብር አውርደን ብንደምረው 3.3 ሚሊዮኑ ወደ 1.3 ሚሊዮን ይወርዳል። ከዚህ አንጻር ብድሩ አስፈሪ አይደለም። በዚህ ስሌት ብቻ ከሄድን እንዲያውም ርካሽ ነው።

ግን ሁለት ነገር ይጎድለዋል። አንደኛው የእናንተ ገቢ ነው። ንረቱ ዕዳውን የሚያሟሟው ገቢያችሁ ከንረቱ እኩል ከሮጠ ነው። ነጋዴ ከሆናችሁ፣ ገቢያችሁ በዶላር ከሆነ፣ ወይም ዘመድ ከውጭ የሚልክላችሁ ከሆነ ሊሮጥ ይችላል። የመንግሥት ሠራተኛስ? አስተማሪስ? ነርስስ? የአንድ ቤተሰብ የተጣራ ገቢ ዛሬ 40 ሺህ ብር ነው እንበል። ብድሩን ከፍሎ 26 ሺህ ይተርፈዋል። ደመወዙ በየዓመቱ 5 በመቶ ብቻ ቢያድግ፣ ንረቱ ግን 12 ቢሆን፣ በአስረኛው ዓመት ገቢው 65 ሺህ ይደርሳል። ብድሩን ከፍሎ 51 ሺህ ይተርፈዋል። ወረቀት ላይ እጥፍ ሆነ። በዛሬው የጤፍና የዘይት ዋጋ ግን 51 ሺዋ 16,500 ብር ነች። ዕዳው ቀለለ፣ ኑሮው ከበደ። ቤተሰቡን የጎዳው ብድሩ አይደለም፣ ግን በዚያ ሁኔታ ውስጥ በየወሩ ሳያጓድል 13,913 መክፈል አለበት።

ሁለተኛው ጉዳይ ደግሞ ውሉ ውስጥ ነው ያለው፣ እና ብዙ ሰው ሳያነብ የሚያልፈው አንቀጽ ነው። የአበዳሪነት ወለድን ብሔራዊ ባንክ አይተምንም፤ እያንዳንዱ ባንክ ራሱ ነው የሚወስነው። አብዛኛው የብድር ውል ደግሞ ባንኩ ወለዱን ሊያሻሽል እንደሚችል የሚል ቃል አለው። ንረት ሲኖር ባንክም ቁጭ ብሎ አይከስርም። ሐምሌ 2016 ላይ ብሔራዊ ባንክ የራሱን የፖሊሲ ወለድ፣ ማለትም ለገንዘብ ገበያው መነሻ የሚሆነውን ወለድ፣ 15 በመቶ ብሎ ሲጀምር ገንዘብ ርካሽ የነበረበት ዘመን እንዳበቃ ሁሉም ባንክ ገብቶታል። እናም «ንረቱ ዕዳዬን ይበላልኛል» የሚለው ተስፋ የሚሠራው ወለዳችሁ ካልተነካ ነው።

ወለዱ ቢነካ ምን ይሆናል? በመጀመሪያው ዓመት ከ16 ወደ 17 በመቶ ብቻ ከፍ አለ እንበል። የወሩ ወለድ ብቻ ከ14 ሺህ ብር በላይ ይሆናል። የእናንተ ወርሃዊ ክፍያ 13,913 ነው። ይሄ ማለት የድሮውን ክፍያ ብትቀጥሉ ወለዱን እንኳ አትሸፍኑም፣ ዕዳችሁ እየከፈላችሁት ያድጋል። ስለዚህ ባንኩ ወርሃዊውን ከፍ ያደርጋል። ወደ 19 በመቶ ቢደርስ ደግሞ ወርሃዊ ክፍያው ከ16 ሺህ ያልፋል። በአንድም በሦስትም በመቶ ጭማሪ ይሄ ሁሉ የሚሆነው መጀመሪያ ላይ የምንከፍለው ከሞላ ጎደል ወለድ ብቻ ስለሆነ ነው። እንግዲህ ውሉን ስታነቡ ሦስት ነገር ፈልጉ፤ ወለዱ ይለወጣል ወይስ አይለወጥም፣ የሚለወጥ ከሆነ ከስንት ጊዜ በፊት ያሳውቋችኋል፣ እና ሲለወጥ የሚጨምረው ወርሃዊ ክፍያው ነው ወይስ ዘመኑ። ውሉ በጥቃቅን ፊደል የተጻፈ ከሆነ ወደ ቤት ወስዳችሁ አንብቡት። ኦፊሰሩ «ሁሉም እዚሁ ነው የሚፈርመው» ካላችሁ እናንተ ወደ ቤት ውሰዱት።

ከወለድ ነፃ የሆነው መንገድ በዚህ በኩል አንድ ጥቅም አለው። በሙራባሃ ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ነው የሚሸጥላችሁ፣ ጠቅላላ ዋጋው ገና ከመጀመሪያው ውሉ ላይ ይጻፋል። ርካሽ ነው ማለቴ አይደለም፤ አንዳንዴ ድምሩ ከወለዱ ጋር እኩል ነው። ግን የምትከፍሉትን ታውቃላችሁ። ዘምዘም ባንክ በ2013 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ የሆነ የመጀመሪያው ባንክ ነበር፣ ዛሬ ሌሎችም አሉ፣ መደበኛ ባንኮችም ለብቻው መስኮት ከፍተዋል።

ከቁጠባና ብድር ማኅበራት ወይም ከማይክሮ ፋይናንስ የምትበደሩ ከሆነ ደግሞ ተጠንቀቁ። አንዳንዶቹ ወለድ የሚያሰሉት በቀረው ዕዳ ላይ ሳይሆን መጀመሪያ በወሰዳችሁት ሙሉ ገንዘብ ላይ ነው፣ እስከ መጨረሻው ወር። «12 በመቶ ብቻ!» ሲሏችሁ ከባንኩ 16 ያነሰ ይመስላል። በ5 ዓመት ብድር ላይ እንዲህ የተሰላ 12 በመቶ በባንክ አሠራር ሲተረጎም ከ20 በመቶ በላይ ነው። «በቀሪው ነው ወይስ በዋናው?» ብላችሁ ጠይቁ፣ ይበቃል።

የባንክ ሠራተኞች ሌላ ታሪክ ናቸው። በዝቅተኛ ወለድ ቤት የሚገዙት እነሱ ናቸው፣ እሰየው። ግን ከሥራ ሲለቁ ወለዱ ብዙውን ጊዜ ወደ መደበኛ ደንበኛ ወለድ ይዞራል። የተሻለ ሥራ መጥቶላቸው በዚህ ምክንያት ብቻ የቀሩ ሰዎች አሉ። ያም የቤቱ ዋጋ አካል ነው፣ ማንም ባይደምረውም።

ወደ ዳር ሰፈሩ እንመለስ። ኮንዶሚኒየምም ሆነ የሪል እስቴት አፓርትመንት ብዙውን ጊዜ የምትረከቡት ሳያልቅ ነው። ሴራሚክ፣ ጂፕሰም፣ ቀለም፣ የውስጥ በር፣ የኩሽና ካቢኔት፣ የመታጠቢያ ዕቃ የእናንተ ነው። ይሄን ሁሉም ሰው ያውቃል፣ በጀትም ይይዝለታል። በጀት የማይያዝለት የመጠባበቂያው ጊዜ ነው። ቁልፍ ተረክባችሁ ፊኒሽንግ እስኪያልቅ ስድስት ወር ቢፈጅ በዚያ ሁሉ ጊዜ ኪራይም ብድርም ትከፍላላችሁ። በምሳሌያችን ስድስት ወር 83 ሺህ ብር ለባንክ ነው፤ ከዕዳው የሚጎድለው 3,600 ብር፤ የምትኖሩት ግን አሁንም የሰው ቤት። እናም ብዙ ሰው ቤቱ ሳያልቅ፣ ደረጃው መደገፊያ ብረት ሳይኖረው፣ ውኃው በሳምንት አንዴ እየመጣ ይገባል። አልፈርድም፣ ሁለት ክፍያ አንገት ላይ ሲገጣጠም ሌላ ምን ይደረጋል።

ከዚያ ትራንስፖርት አለ። ቤቱ ቦሌ አራብሳ፣ ሥራው ሜክሲኮ፣ የልጁ ትምህርት ቤት ደግሞ ገርጂ ከሆነ ቀኑ የሚጀምረው ሳይነጋ ነው። ጠዋት 11 ሰዓት ተኩል ላይ ከጊቢው በር ወጥቶ የሃይገር ሰልፍ፣ መገናኛ ወርዶ ሁለተኛ ሰልፍ፣ ማታም እንዲሁ። ሰልፉ ከተበላሸ ራይድ። ሁለት ሠራተኛ ያለበት ቤተሰብ ወደ ዳር በመውጣቱ የትራንስፖርቱ ወጪ በወር 4 ሺህ ብር ቢጨምርበት በ20 ዓመት 960 ሺህ ብር ነው፣ ያውም ታሪፍ ሳይጨምር። የምሳሌያችንን ብድር ሊያህል ምንም አልቀረው። ነዳጁ በተስተካከለ ቁጥር ታሪፉም ስለሚስተካከል ደግሞ ይሄኛው ወጪ እንደ ብድሩ በንረት አይሟሟም፣ አብሮ ያድጋል። መሀል ላይ ያለችውን ጠባብ ባለ አንድ መኝታና ዳር ላይ ያለችውን ሰፊ ባለ ሦስት መኝታ ስታወዳድሩ ይሄን ከወርሃዊ ክፍያው ላይ ደምራችሁ አወዳድሩ። በየቀኑ መንገድ ላይ የሚያልቀውን ሦስትና አራት ሰዓት ማን እንደሚከፍላችሁ እኔ አላውቅም፣ ልጆቻችሁን ሲተኙ ብቻ የምታዩ ከሆነ ግን ዋጋው ቀላል አይደለም።

የቀሩትን ቶሎ ቶሎ ልበላቸው። የባንኩ የግምት ክፍያና የአገልግሎት ክፍያ አለ። የቴምብር ቀረጥና የስም ማዛወሪያ አለ። ቤቱ ዋስትና እስከሆነ ድረስ በየዓመቱ የእሳት መድን፣ አንዳንዴም የሕይወት መድን ትገዛላችሁ። የጣሪያና ግድግዳ ግብር አለ፣ የንብረት ታክስ አዋጅም ጥር 2017 ላይ በፓርላማ ጸድቋል። ለጋራ ሕንፃው ማኅበር ለጥበቃ፣ ለጽዳት፣ ለፓምፕ፣ ሊፍት ካለ ለሊፍት መዋጮ አለ። ከሰው የምትገዙ ከሆነ ያልተከፈለ የሊዝ ዕዳ መኖሩን አጣሩ። ካርታውን የሰጠው የአዲስ አበባ አስተዳደር ነው ወይስ ሸገር ከተማ የሚለውንም ቀድማችሁ እወቁ፤ ባንካችሁ የሚቀበለው መሆኑን ሳታረጋግጡ ቀብድ አትክፈሉ። በደላላ ቃል ብቻ ቀብድ ከፍለው ባንኩ «ይሄን ካርታ አንይዝም» ያላቸው ሰዎች ገንዘባቸውን ለማስመለስ ስንት ይንከራተታሉ። ሰነዶች ማረጋገጫ ስትሄዱ ደግሞ ያገባችሁ የትዳር አጋራችሁን፣ ያላገባችሁ ያላገባ ማስረጃ ይዛችሁ ሂዱ፣ አለዚያ ቀኑ በከንቱ ያልፋል።

«ታዲያ ተከራይቼ ልቅር?» ለሚለኝ መልሴ አይደለም ነው። ኪራይም ሄዶ የማይመለስ ገንዘብ ነው። በ2016 የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይ አዋጅ፣ ቁጥር 1320፣ ውል ከሁለት ዓመት እንዳያንስ፣ ጭማሪም መንግሥት በዓመት አንዴ ከሚያሳውቀው እንዳያልፍ ደንግጓል፤ ለተከራይ ጥሩ ነገር ነው፣ ግን «ልጄ ሊያገባ ነው፣ ቤቱን እፈልገዋለሁ» የሚል አከራይ የገጠመው ሰው ዕቃ ማሰር ምን እንደሆነ ያውቃል። የራስ ቤት ዋጋ በብር ብቻ አይለካም። እኔም የምለው ተበደሩ ወይም አትበደሩ አይደለም። የምለው የምትከፍሉትን አውቃችሁ ተበደሩ ነው፣ ምክንያቱም አውቆ የተበደረ ሰው ብዙ ገንዘብ ማትረፍ ይችላል።

እንዴት? ቅድም ያየነው ክፉ ስሌት ወደ እናንተ ሲዞር ደግ ይሆናል። መጀመሪያዎቹ ዓመታት ላይ ከወርሃዊው ክፍያ የሚቀነሰው ዋና ትንሽ ስለሆነ፣ በዚያ ጊዜ በዋናው ላይ የምትጨምሩት እያንዳንዷ ብር ብዙ ወራትን ይዛ ትሄዳለች። በምሳሌያችን አንደኛው ዓመት ሲሞላ 100 ሺህ ብር ከወርሃዊው ውጭ ከዋናው ላይ ብትከፍሉ፣ ወርሃዊውንም እንደነበረው ብትቀጥሉ፣ ብድሩ በ82 ወር ቀድሞ ያልቃል። ስድስት ዓመት ከአስር ወር! በ100 ሺህ ብር ከ1 ሚሊዮን ብር በላይ ክፍያ ትቀንሳላችሁ። ያንኑ 100 ሺህ በአስረኛው ዓመት ብትከፍሉት ግን ጥቅሙ በጣም ያንሳል። ዕቁብ የሚደርሳችሁ ከሆነ፣ ቦነስ ካላችሁ፣ መሬት ተሸጦ ድርሻ ከመጣ፣ ጊዜው የመጀመሪያዎቹ አምስት ዓመታት ነው። ብሩን ቁጠባ ደብተር ላይ ማስቀመጡ አያዋጣም። ዝቅተኛው የቁጠባ ወለድ ጥቅምት 2010 ላይ 7 በመቶ ሆኗል፣ በ7 እየቆጠቡ በ16 ዕዳ መያዝ በየዓመቱ 9 በመቶ ማፍሰስ ነው። ለክፉ ቀን የሚሆን የጥቂት ወር ክፍያ ግን ለብቻው ይቀመጥ፣ እሱን አትንኩት።

እዚህ ላይ አንድ ጥንቃቄ አለ። ባንክ ሄዳችሁ ተጨማሪ ስትከፍሉ ብሩን ምን ላይ እንደሚያደርጉት በጽሑፍ ንገሯቸው። ዝም ካላችሁ የሚቀጥሉት ወራት ቅድመ ክፍያ አድርገው ሊይዙት ይችላሉ፤ ያኔ ዕረፍት እንጂ ቅናሽ አላገኛችሁም። ወይም ወርሃዊውን አሳንሰው ዘመኑን እንዳለ ይተዉታል፤ እሱም ጥቅም አለው ግን ትንሽ ነው። «ከዋናው ይቀነስ፣ ወርሃዊው አይነካ፣ ዘመኑ ይጠር» በሉ፣ አዲሱን ሰንጠረዥም አትማችሁ ውሰዱ። ቀድሞ በመክፈል ቅጣት እንዳለ ውሉ ላይ እዩ። ካለ፣ ከመፈረማችሁ በፊት ተደራደሩበት፤ ከፈረማችሁ በኋላ ማንም አይሰማችሁም።

የእፎይታ ጊዜ የሚባለውም በተመሳሳይ ይታይ። «ለአንድ ዓመት ምንም አትከፍሉም» ሲባል ደስ ይላል። ወለዱ ግን አይተኛም። በዚያ ዓመት የተጠራቀመው ወለድ በዋናው ላይ ከተደመረ የ1 ሚሊዮኑ ዕዳ 1,172,000 ሆኖ ይጠብቃችኋል፣ ክፍያውም ከዚያ ላይ ይጀምራል። ቢያንስ በእፎይታው ጊዜ ወለዱን ብቻ ክፈሉ።

የመጨረሻው ነገር ሲከብድ ምን ይደረጋል የሚለው ነው። ሥራ ይጠፋል፣ ሰው ይታመማል። ክፍያ 90 ቀን ሲያልፈው ብድሩ በባንኩ መዝገብ የተበላሸ ተብሎ ይመደባል። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ደግሞ ባንክ ፍርድ ቤት ሳይሄድ፣ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ መያዣውን በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ብዙ ሰው ክስ ተመሥርቶ፣ ቀጠሮ ተሰጥቶ፣ ዓመታት የሚፈጅ ይመስለዋል። አይደለም። ሽያጩ ዕዳውን ካልሸፈነም የቀረው ዕዳ አይሰረዝም። ስለዚህ ሁለተኛ ወር ማጓደል እንደማይቀር ካወቃችሁ ስልክ ዘግታችሁ አትጥፉ። ቀድማችሁ ቅርንጫፉ ድረስ ሂዱ፣ የክፍያ ማስተካከያ በደብዳቤ ጠይቁ፣ ደብዳቤው የደረሰበትን ቀንና ማኅተም በኮፒው ላይ አስመትታችሁ ያዙ። ገና ያልተበላሸን ብድር ማስተካከል ለባንኩም ይቀለዋል፤ 90 ቀን ካለፈ በኋላ ነገሩ ከቅርንጫፉ እጅ ወጥቶ ወደ ዋናው መሥሪያ ቤት ይሄዳል፣ እዚያ ደግሞ የሚያውቃችሁ ሰው የለም።